ተማሪውን የሚያበላው ማን ነው?

አንድ ወዳጄ ለሁለተኛ ዲግሪው ማሟያ መጠይቅ ሊያስሞላ ወደ አንድ የገጠር ቀበሌ ሲሄድ አብሬው ሄጄ ነበር። ጥናቱ ስለ ንጹሕ መጠጥ ውሃ ነው። አምስተኛው ወይም ስድስተኛው ቤት ላይ አንዲት እናት ጌሾ ሲወቅጡ አገኘናቸው። ሥራቸውን ሳያቋርጡ ሁሉንም በትዕግሥት መለሱ፤ ውሃ ከየት እንደሚቀዱ፣ መንገዱ ምን ያህል እንደሚያስኬድ፣ በቀን ስንት ጀሪካን እንደሚያስፈልጋቸው። ሲያበቁ ዘነዘናውን ሙቀጫው ላይ አስደግፈው፣ «ልጄ፣ አምናም መጥተው ይህንኑ ጠይቀውኝ ነበር። ከምን ደረሰ?» አሉት። ወዳጄም እንደለመደው፣ «እማማ፣ ጥናቱ ሲያልቅ ለሚመለከተው አካል ይቀርባል» አላቸው። እናትየዋ ሳቅ አሉና፣ «የሚመለከተውማ እኔን ነበር» ብለው ወደ ውቀጣቸው ተመለሱ።

ጥናቱ አለቀ፤ በጥቁር ሽፋን ተጠረዘ፤ ርእሱ በወርቃማ ፊደል ታተመበትና መደርደሪያ ላይ ወጣ። ወዳጄም ጥሩ ውጤት አገኘበት። ቀበሌው ውስጥ ግን አንድም ቅጂ የለም። ቢኖርም የተጻፈው በእንግሊዝኛ ነው።

ዩኒቨርሲቲዎቻችን ሥራቸው ምን እንደሆነ ሲጠየቁ ሦስት ነገር ይጠራሉ፤ መማር ማስተማር፣ ምርምር፣ የማኅበረሰብ አገልግሎት። ሦስተኛው ብዙ ጊዜ በዓመቱ መጨረሻ ሪፖርት ላይ ከችግኝ ተከላና ከደብተር እደላ ፎቶግራፎች ጋር ብቅ የሚል ነው። ዩኒቨርሲቲ ለኅብረተሰቡ ምን ዕዳ አለበት የሚለው ጥያቄ ግን ከሪፖርቱ ይሰፋል፤ በየዘመኑም መልሱ ተለዋውጧል። እኔ ለውጡን የምከታተለው በአንድ ቀላል ጥያቄ ነው፤ ተማሪውን የሚያበላው ማን ነው? የሚያበላው እጅ ሲቀየር የትምህርት ቤቱ ተጠሪነትም አብሮ ሲቀየር አያለሁ።

አኩፋዳና ቤተ መንግሥት

የቆሎ ተማሪን ያበላው መንደሩ ነው። ደበሎ ለብሶ፣ አኩፋዳ አንግቶ፣ ለውሻ መከላከያ ዱላ ይዞ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ በየደጁ ይቆማል። ቁራሽ የሰጠችው ሴት ልጁ ከየት እንደመጣ ባታውቅም ነገ ቄስ ሆኖ ልጇን እንደሚያጠምቅ፣ መርጌታ ሆኖ እንደሚያስተምር ታውቃለች። እሱም በየቤቱ ሲዞር የማን ከብት እንደሞተች፣ የማን ጎተራ እንደጎደለ ያያል። ክረምቱ ከከፋ የሰፈሩ ሌማት ባዶ ይሆናል፤ ጉባኤውም ይበተናል። በወሎ እንደ ዳና ባሉ የእስልምና ትምህርት ማዕከሎች የተማሩት ደረሶችም ኑሯቸው ከዚህ ብዙ የራቀ አልነበረም፤ ሼኻቸውን ከበው የሚቀሩት በአካባቢው ሕዝብ እንጀራ ነው።

ይህን ስል ያ ዘመን ይመለስ ማለቴ አይደለም። ሴት ልጅ ከጥቂቶች በቀር ደጁን አልረገጠችም፤ ትምህርቱም ስለ ወባና ስለ ስንዴ ዋግ የሚለው አልነበረውም። ግን በተማሪውና በአብላዩ መካከል አጥር አልነበረም። አጥሩ በኋላ የመጣ ነው።

ሌላው ዓለምም ይህን መንገድ በራሱ አካሄድ ሄዶበታል። እ.ኤ.አ. በ1088 ተመሠረተ በሚባለው በቦሎኛ ተማሪዎች ተደራጅተው መምህሩን ራሳቸው ይቀጥሩ ነበር፤ ዘግይቶ ከመጣም ይቀጡት ነበር። በ1810 የተከፈተው የበርሊን ዩኒቨርሲቲ ደግሞ በመንግሥት ገንዘብ እየኖረ የምርምር ነጻነት እንዲኖረው ታስቦ ነው። አሜሪካኖች በ1862 ባወጡት ሕግ የፌዴራል መሬት ለየክፍለ ግዛቱ ተሰጠ፤ በሽያጩም የግብርናና የሜካኒክ ሙያ የሚያስተምሩ ኮሌጆች ተቋቋሙ። በመሬት የተቋቋመ ኮሌጅ ለገበሬው መልስ እንዲሰጥ ይጠበቅበታል። ይህ ሐሳብ ከኦክላሆማ ተነሥቶ ዓለማያ ደርሷልና ወደ እሱ እመለሳለሁ።

የእኛው ዘመናዊ ዩኒቨርሲቲ የተወለደው በቤተ መንግሥት ማዕድ ላይ ነው። በ1943 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሲከፈት የሚመሩት ከካናዳ የመጡ የኢየሱሳውያን ማኅበር ካህናት ነበሩ፤ የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት ዶክተር ሉሲየን ማት ናቸው። ዓላማው ግልጽ ነበር፤ ሚኒስቴር መሥሪያ ቤቶች የተማረ ሰው ይፈልጋሉ። የተመረቀ ሁሉ ወንበር ይጠብቀዋል።

በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. ግርግር መፈንቅለ መንግሥት አድራጊዎቹ ያገቷቸውን መኳንንትና ባለሥልጣናት ስድስት ኪሎ በሚገኘው ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት፣ በአረንጓዴው ሳሎን ውስጥ ተኩሰው ፈጇቸው። ራስ አበበ አረጋይና ራስ ሥዩም መንገሻ ከሟቾቹ መካከል ናቸው። የኮሌጁ ተማሪዎች መፈንቅለ መንግሥቱን ደግፈው ሰልፍ ወጥተው ነበር። ከዓመት በኋላ፣ በታኅሣሥ 1954 ዓ.ም.፣ ንጉሡ ያንኑ ቤተ መንግሥት ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ሰጡ።

ዛሬ ወደ ስድስት ኪሎ ግቢ የገባ ሰው የንጉሡን መኝታ ክፍልና መታጠቢያ ቤት የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ሙዚየም ውስጥ ያገኛቸዋል። ከሙዚየሙ ፊት ለፊት ሰማይ ላይ ተሰቅሎ የቀረ የሚመስል ደረጃ አለ። ጣሊያኖች የፋሺዝምን ዓመታት በእርከን ለመቁጠር የሠሩት ነው፤ ከነጻነት በኋላ ጫፉ ላይ አንበሳ ተቀምጦበታል። እዚያ ሥር ተቀምጠው ለፈተና የሚያጠኑ ልጆች ባየሁ ቁጥር፣ ይህ ግቢ የመንግሥት እጅ እንዳረፈበት መወለዱ ትዝ ይለኛል።

የበላው ሲናገር

መንግሥት ያበላው ተማሪ መንግሥትን ያገለግላል ተብሎ ታስቦ ነበር። የሆነው ሌላ ነው። በ1957 ዓ.ም. ተማሪዎች «መሬት ለአራሹ» ብለው አደባባይ ወጡ። በዓመቱ ደግሞ ለማኞችንና ችግረኞችን ከከተማው ጥግ ሰብስቦ ያጎረውን የሾላ መጠለያ ተቃውመው ድህነት ወንጀል ነውን ብለው ጠየቁ። በኅዳር 1962 ዓ.ም. ዋለልኝ መኮንን ስለ ብሔረሰቦች ጥያቄ የጻፈው ጽሑፍ ወጣ፤ በታኅሣሥ 19 ቀን 1962 ዓ.ም. የተማሪዎች ማኅበር መሪ የነበረው ጥላሁን ግዛው ተገደለ። የሀገሪቱ ፖለቲካ እስከ ዛሬ የሚከራከርበት ቃላት አብዛኛው የተሸመነው በዚያ ግቢ ነው።

ስለዚያ ትውልድ ብዙ ተጽፏል፤ ብዙ ተሞግሷል፤ ብዙም ተረግሟል። እኔን የሚስበኝ ከሰልፉ ይልቅ ብዙ ያልተወራለት ነገር ነው። ከ1957 ዓ.ም. ጀምሮ የዩኒቨርሲቲው ተማሪ ከመመረቁ በፊት አንድ ዓመት ወደ ክፍለ ሀገር ወጥቶ እንዲያገለግል ግዴታ ተጣለበት። የዩኒቨርሲቲ አገልግሎት የሚባለው ይህ ነው። አብዛኞቹ የሄዱት አስተማሪ ሆነው ነው። አዲስ አበባ ተወልዶ ያደገ ወጣት ጎሬ ወይም ነጌሌ ሄዶ ቤት ተከራይቶ፣ ከወረዳው ሰው ጋር ቡና ጠጥቶ፣ የጭሰኛን ኑሮ በዓይኑ አይቶ ተመለሰ። መንግሥት ለራሱ ጥቅም ያወጣው መርሐ ግብር የተማሪውን ጥያቄ ወደየጠቅላይ ግዛቱ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ያደረሰበት መንገድ ሆነ።

ደርግ ይህንኑ አስፍቶ ወሰደው። በታኅሣሥ 1967 ዓ.ም. ዩኒቨርሲቲው ተዘግቶ 60 ሺህ ገደማ ተማሪና መምህር በእድገት በኅብረት የዕውቀትና የሥራ ዘመቻ ገጠር ወረደ። መሠረተ ትምህርት አስተማሩ፤ የመሬት አዋጁ ከወጣ በኋላ የገበሬ ማኅበር አደራጁ፤ ከባለርስትና ከአካባቢ ሹም ጋር ተጋጩ፤ የሞቱም አሉ። ከተመለሱት ብዙዎቹን ቀይ ሽብር በላቸው። ግቢው ከዚያ በኋላ ለረጅም ጊዜ ድምፁ አልተሰማም።

የእኔ ፍርድ ይህ ነው። ያ ትውልድ ለኅብረተሰቡ ተጠያቂ ነኝ ብሎ እስከ ሞት ሄዷል፤ ከዚህ በላይ ኃላፊነት የተሸከመ ተማሪ አላውቅም። ነገር ግን ስለ ገበሬው ሲከራከር ገበሬውን አስቀምጦ የጠየቀበት ጊዜ ጥቂት ነው። ጌሾ የሚወቅጡት እናት ያኔም ቢሆን «የሚመለከተውማ እኔን ነበር» ማለታቸው አይቀርም ነበር።

የሞቱ ቀንድ አውጣዎች

ሕዝቡ ሲጠየቅ የሚሆነውን ለማየት ደግሞ ዓድዋ እንሂድ። እ.ኤ.አ. በ1964 ወጣቱ ሳይንቲስት አክሊሉ ለማ ስለ ቢልሃርዝያ ሲያጠና ሴቶች ልብስ ወደሚያጥቡበት ወንዝ ወረደ። ሳሙናቸው እንዶድ ነው። ከእጥበቱ ቦታ ዝቅ ብሎ ውሃው ውስጥ ቀንድ አውጣዎች ሞተው አየ፤ ከላይ በኩል ያሉት ግን በሕይወት ነበሩ። የበሽታውን ተውሳክ የሚያስተላልፈው ቀንድ አውጣ መሆኑን ያውቃል። እንዶድ ልብስ እንደሚያነጣ የሚያውቁት ሴቶቹ ናቸው። ሁለቱ ዕውቀቶች እዚያ ወንዝ ዳር ተገናኙ።

ከዚያ የቀረው የዓመታት ድካም ነው። በ1966 እ.ኤ.አ. በዩኒቨርሲቲው ውስጥ የፓቶባዮሎጂ ኢንስቲትዩትን አቋቋመ፤ ዛሬ በስሙ ይጠራል። ግኝቱን ግን የሀብታም ሀገር ተቋማት አፍሪካ ውስጥ በተሠራ ምርመራ አናምንም ብለው ለዓመታት አጓተቱበት። እ.ኤ.አ. በ1989 ከሥራ ባልደረባው ከለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር አማራጭ ኖቤል የሚባለውን የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት ተቀበለ። በኋላም አሜሪካ ውስጥ የሐይቅ ቧንቧ የሚደፍነውን ዜብራ መስል የተባለ ባለ ቅርፊት ፍጥረት እንዶድ እንደሚገድለው ሲታወቅ የቶሌዶ ዩኒቨርሲቲ የፈጠራ ባለቤትነት መብት አስመዘገበ፤ አክሊሉም ከተመራማሪዎቹ አንዱ ነበር። የባለቤትነት ክርክሩ ብዙ አነጋግሯል። የዓድዋ ልብስ አጣቢዎች ከሰነዱ ላይ የሉም።

ከግቢ ወጥቶ መሥራት እንደሚቻል ያሳየን ሌላው ጎንደር ነው። የጤና ኮሌጁ በ1947 ዓ.ም. ሲቋቋም ከጀርባው በደምቢያ ብዙ ሕዝብ የጨረሰ የወባ ወረርሽኝ ነበር። ስለዚህ ሆስፒታል ውስጥ ታማሚ የሚጠብቅ ሐኪም ብቻ አላወጣም። ጤና መኮንን፣ የማኅበረሰብ ነርስና ሳኒታሪያን አብረው ሠልጥነው በአንድ ቡድን ወደ ጤና ጣቢያ ይላኩ ነበር። ጅማም በ1970ዎቹ አጋማሽ የጤና ሳይንስ ኢንስቲትዩቱን ሲከፍት ማኅበረሰብ ተኮር ትምህርትን መርሑ አደረገው።

በዚህ አሠራር ያለፈ ሐኪም ሁሉ ስለ ቲቲፒ፣ ማለትም ስለ ቡድን ሥልጠናው መርሐ ግብር፣ ሳያወራ አያልፍም። የሕክምናው፣ የነርሲንጉ፣ የፋርማሲውና የላቦራቶሪው ተማሪ አብሮ አንድ የወረዳ ከተማ ይሰፍራል። አንድ ቤት ተከራይተው፣ በየተራ ሽሮ እየሠሩ ሳምንታት ያሳልፋሉ። ቤት ለቤት ዞረው ይጠይቃሉ፤ ችግሩን በቅደም ተከተል ያስቀምጣሉ፤ አቅማቸው የሚፈቅደውን ይሠራሉ፤ ምንጭ ያጎለብታሉ፣ መፀዳጃ ያስቆፍራሉ። ከመውጣታቸው በፊት ያገኙትንና የሠሩትን ለወረዳው ሰዎች ቆመው ያቀርባሉ። ይህን የመጨረሻውን ነጥብ ልብ በሉልኝ። ውጤቱ መጀመሪያ የሚነገረው ለተጠየቀው ሰው ነው።

የሐረማያው ነገር ግን ይከነክነኛል። ከኦክላሆማው ኮሌጅ ጋር በተደረገ ስምምነት በ1940ዎቹ መጨረሻ የተተከለው የዓለማያ፣ የዛሬው ሐረማያ፣ እርሻ ኮሌጅ ያንን የአሜሪካ ሐሳብ ይዞ ነበር የመጣው፤ ማስተማር፣ መመራመር፣ ያገኘውን ለገበሬው ማድረስ። የኤክስቴንሽን ሥራው መጀመሪያ የኮሌጁ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1963 ወደ ግብርና ሚኒስቴር ተዛወረ። በቢሮክራሲ ዓይን ሲታይ ትክክል ሊሆን ይችላል፤ በእኔ ዓይን ግን መምህሩን ከገበሬው ማሳ ጋር ያገናኘው ክር የተበጠሰው ያን ጊዜ ነው። ኮሌጁ ታላላቅ ሰዎች አፍርቷል። አቀንጭራን የሚቋቋም ማሽላ አውጥቶ እ.ኤ.አ. በ2009 የዓለም የምግብ ሽልማትን ያገኘው ገቢሳ እጀታ የዓለማያ ተመራቂ ነው፤ ምርምሩን የሠራው ግን አሜሪካ፣ ፐርዱ ዩኒቨርሲቲ ሆኖ ነው።

ከዩኒቨርሲቲው ግቢ አጠገብ ሐይቅ ነበር። ጫትና አትክልት የሚያጠጣው የውሃ ፓምፕ በዛ፤ ከተራራው የሚታጠበው አፈር ሞላው፤ የሐረር ከተማም ለዓመታት ከእሱ ጠጣች። በ1990ዎቹ የሐረማያ ሐይቅ ደረቀ፤ ጀልባ የቀዘፉበት ቦታ ከብት ተሰማራበት። ይህ የሆነው በሀገሪቱ አንጋፋ የግብርና ዩኒቨርሲቲ ደጃፍ ነው። ምሁራኑ ዝም አሉ አይባልም፤ ስለ ሐይቁ መጥፋት ብዙ ጥናት ጽፈዋል። ወረቀት ግን ውሃ አይቋጥርም። ደግነቱ ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ሐይቁ ተመልሷል፤ ተፋሰሱ ላይ በተሠራ ሥራም፣ በዝናቡም፣ ፓምፑ በመቀነሱም። በዚህ የተፋሰስ ሥራ ውስጥ የገበሬውና የባለሙያው ድርሻ ተለይቶ ቢጻፍ ለሌሎች ዩኒቨርሲቲዎች ትልቅ መማሪያ ይሆን ነበር።

«ዩኒቨርሲቲ ይሰጠን»

ደርግ ሲወድቅ አስመራን ካልቆጠርን ሁለት ዩኒቨርሲቲ ነበረን። ዛሬ የመንግሥቶቹ ብቻ ወደ 50 ይጠጋሉ። በ1990ዎቹ መጨረሻ አሥራ ሦስት በአንድ ጊዜ ተጀመሩ፤ ከዚያ በኋላ ሦስተኛ ትውልድ፣ አራተኛ ትውልድ እየተባለ ቀጠለ። መንገድ፣ ሆስፒታል፣ ዩኒቨርሲቲ ይሰጠን የሚለው የየዞኑ ስብሰባ ጥያቄ ሆነ። «ይሰጠን» የሚለው ቃል ራሱ ብዙ ይናገራል። ዩኒቨርሲቲው ስጦታ ነው፤ ሰጪው ላይ ነው፤ ተቀባዩ ታች።

መስፋፋቱን ለመንቀፍ አልቸኩልም። ከአንድ ቀበሌ የመጀመሪያዋ ሆና ዩኒቨርሲቲ የገባችው ልጅ በሁለት ዩኒቨርሲቲ ዘመን ቢሆን ኖሮ ስምንተኛን ጨርሳ ትዳር ትይዝ ነበር። የመጀመሪያ ዲግሪውን ትናንት ይዞ የወጣ ልጅ ዛሬ ሰባ ተማሪ ፊት መቆሙ፣ ቀለሙ ያልደረቀ ሕንጻ ውስጥ ላቦራቶሪ የሌለው ኬሚስትሪ መሰጠቱ የችኮላው ዋጋ ነው። በ2001 ዓ.ም. የመጣው ሰባ ሠላሳ፣ ማለትም ሰባ ከመቶው ተማሪ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ይግባ የሚለው ቀመር ሌላ ዋጋ አስከፈለ። ኢንጂነሪንግ ጨርሶ ኮብልስቶን ያነጠፈ ጎረምሳ በዚያ ዘመን ቀልድ አልነበረም፤ ጎረቤታችን ነበር።

ዩኒቨርሲቲው ከተማዋን ምን አደረጋት? ከዋናው በር ፊት ለፊት ያለውን መንገድ እዩ። ባጃጁ ተሰልፏል፤ ቁርስ ቤቱ እንቁላል ፍርፍር ይጠብሳል፤ የቤት ኪራይ አድጎ የመምህሩን ደመወዝ ግማሽ ይወስዳል። ከዚያ ፎቶ ኮፒ ቤቱ። መስታወቱ ላይ በኮምፒውተር የተጻፈ ማስታወቂያ ተለጥፏል፤ «ፕሮፖዛል፣ ሪሰርች፣ ኤስፒኤስኤስ በታማኝነት እንሠራለን»። በታማኝነት! ሁለት ቤት አልፎ ደግሞ ጥረዛ ቤቱ አለ፤ ያው ጥቁር ሽፋን፣ ያው ወርቃማ ፊደል። የወዳጄን ጥናት ያስጠረዝነው እንዲህ ካለ ቤት ነው። የእሱ ራሱ የደከመበት ነበር፤ መደርደሪያው ላይ ግን ከተገዛው ጋር ጎን ለጎን ተቀምጧል፤ ለእናትየዋም ቢሆን ልዩነት የለውም።

የግቢው መሬት የገበሬ ማሳ ነበር። ካሳውን ጨርሰው አሁን በዚያው ግቢ በር ላይ ዩኒፎርም ለብሰው መታወቂያ የሚጠይቁ ሰዎች አሉ። ከተማው ውሃ በፈረቃ ሲያገኝ ግቢው በታንከር ያስሞላል። እነዚህ ነገሮች በየትኛውም የማኅበረሰብ አገልግሎት ሪፖርት ላይ አይገኙም፤ ሰው ዩኒቨርሲቲውን የሚመዝነው ግን በእነዚህ ነው።

የ2014 ዓ.ም. የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ተማሪዎች ወደየዩኒቨርሲቲው ተጓጉዘው፣ ዶርም አድረው ሲፈተኑ፣ ከ900 ሺህ ያህል ተፈታኝ ግማሽ ነጥብና ከዚያ በላይ ያመጣው 3.3 በመቶ ሆነ። ሀገር ደነገጠ። ሬሜዲያል የሚባል ማካካሻ መጣ። በ2015 ዓ.ም. ደግሞ የመውጫ ፈተና ተጀመረና ከተፈተኑት ተመራቂዎች ግማሽ ያህሉ እንኳ አላለፉም። ኩረጃ መቆሙን እደግፋለሁ። አንድ ነገር ግን ሳይነገር አለፈ። ዩኒቨርሲቲዎቹ ከላይ ተቀምጠው የሚደርሳቸው ተማሪ ደካማ ነው ብለው ያማርራሉ። ያንን ተማሪ ያስተማረው መምህር የተመረቀው ከየት ነው? ከእነሱው ነው። ፊዚክስ ሳይወድ ፊዚክስ የተመደበው፣ ማስተማር ሳይፈልግ መምህርነት የደረሰው፣ በሰባ ሠላሳ ዘመን በጥድፊያ የወጣው ልጅ ነው። 3.3 በመቶው የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ውጤት ብቻ ሆኖ መነበቡ ስሕተት ነው፤ የዩኒቨርሲቲዎቹም የሥራ ሰርተፊኬት ነው።

የከተማ ሰው ሌማት

በ2012 ዓ.ም. መጀመሪያ በብዙ ግቢዎች ተማሪ በብሔሩ እየተለየ ተደበደበ፤ የተገደሉም አሉ፤ ሻንጣውን ይዞ ቤተ ክርስቲያንና መስጊድ የተጠለለ፣ አገሩ የገባ ብዙ ነው። ዓመት ሳይሞላ በኮቪድ ምክንያት ዶርሞቹ ለይቶ ማቆያ ሆኑ። ከዚያም ጦርነቱ መጣ፤ የመቀሌ፣ የአክሱም፣ የአዲግራት፣ የወልድያና የወሎ ዩኒቨርሲቲዎች ተዘረፉ ወይም ጉዳት ደረሰባቸው። ስለዚህ ሁሉ ለብቻው ሊጻፍ ይገባል።

ከዚያ ክፉ ዘመን የወጣ አንድ ነገር ግን እዚህ ቦታ አለው። ጎንደር ዩኒቨርሲቲ የቃል ኪዳን ቤተሰብ የሚል ፕሮጀክት ጀመረ። ከሩቅ የመጣውን አዲስ ተማሪ ከከተማው ነዋሪ ጋር ያገናኘዋል፤ አባትና እናት ይሆኑታል፤ በዓል ሲመጣ ቤታቸው ይጠሩታል። አሠራሩ ወደ ሌሎች ግቢዎችም ተዛምቷል። ልጁ ቋንቋቸውን ላይናገር ይችላል፤ ዶሮ ወጡ ግን ይገባዋል። ይህን ስሰማ አኩፋዳው ትዝ አለኝ። ዩኒቨርሲቲው ለማኅበረሰቡ የሚሰጠውን አገልግሎት ለዓመታት ሲያቅድ ከርሞ፣ በጭንቅ ቀን ትልቁን አገልግሎት የሰጠው ማኅበረሰቡ ሆነ። በአንድ ሌማት የበላ ልጅ ያቺን ከተማ እንደ ባዕድ አያያትም፤ እሷም እሱን።

አሁን አብላዩ እንደገና እየተለወጠ ነው። የወጪ መጋራት ከመጣ ሃያ ዓመት አልፎታል። በ2015 ዓ.ም. የዩኒቨርሲቲዎች ራስ ገዝነት በሕግ ተፈቀደና አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ቀዳሚው ሆነ፤ ሌሎችም ይከተላሉ ተብሏል። ራስ ገዝ ማለት ገንዘቡን ራሱ የሚያመጣ፣ መምህሩን ራሱ የሚቀጥር፣ ተማሪውን ራሱ የሚመርጥ ማለት ነው።

ነጻነቱን አልጠላም። በ1985 ዓ.ም. ከ40 በላይ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ መምህራን በአንድ ደብዳቤ ከሥራ ሲሰናበቱ ዩኒቨርሲቲው የራሱን ሰው ለማቆየት አቅም አልነበረውም። በመንግሥት እጅ የሚበላ ተቋም ያን ቀን ምን እንደሚሆን አይተናል። የሚያሠጋኝ ሌላ ነው። ነገ የሚያበላው ከፋዩ ወላጅ ከሆነ ተጠሪነቱ ለከፋዩ ይሆናል። ከፋዩ አካውንቲንግና ኮምፒውተር ሳይንስ ይፈልጋል፤ መብቱ ነው። የግእዝ ብራና የሚያነብ፣ የአፈር መሸርሸር የሚለካ፣ ስለ ቢልሃርዝያ የሚያጠና ክፍልስ ማን ይከፍልለታል? ጌሾ የሚወቅጡት እናት ክፍያ አይከፍሉም። ሆኖም በጨውና በሳሙና ላይ በሚከፍሉት ግብር ላለፉት ሰባ ዓመታት ተማሪ ሲያበሉ ከቆዩት መካከል ናቸው።

ስለዚህ በእኔ እምነት ራስ ገዝነቱ አንድ ቅድመ ሁኔታ ሊኖረው ይገባል፤ ቀላል ነው፤ ብዙ ገንዘብም አይፈጅም። ማንኛውም ተማሪ ከሰው መረጃ ሰብስቦ ጥናት ከሠራ ከመመረቁ በፊት ባለ አምስት ገጽ ማጠቃለያ በአካባቢው ቋንቋ ጽፎ፣ መረጃ በሰጠው ቀበሌ ስብሰባ ላይ ቆሞ ያንብብ። የጅማና የጎንደር የጤና ተማሪዎች ለአሥርት ዓመታት ሲያደርጉት ኖረዋልና ለሕግ ተማሪውም፣ ለኢኮኖሚክስ ተማሪውም የሚከብድ አይደለም። ከፎቶ ኮፒ ቤት የተገዛ ሪሰርችም ቀበሌው ፊት ቀርቦ «ይህ ወንዝ እኛ ጋ የለም» ሲባል ይጋለጣል።

እስከዚያው አንባቢን አንድ ነገር ልለምን። በአካባቢዎ ዩኒቨርሲቲ ካለ አንድ ቀን መታወቂያዎን ይዘው ዋናው በር ላይ ይቁሙ። ጥበቃው «ማንን ፈልገው ነው?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም። «ሰው አይደለም፤ ስለ ሰፈራችን የተጻፈ ጥናት አለ ሲባል ሰምቼ እሱን ልጠይቅ ነው» ይበሉት።